መቃብራቸው ሩቅ ለሆነ

በሆሳዕና ከተማ ለሕዝብ የቀረበ ንግግር

 

የዛሬው ንግግሬ ዓላማ ሰው ሲሞት ሕያዋን የሚያቆሙት ድንጋይ፣ የሚቀርጹት እንጨትና የሚስሉት መልክ ከሃይማኖት ጋር ምን ዓይነት ዝምድና እንዳለው ማሳየት ነው። ከዚያም ይህ ነገር ዛሬ ለሆሳዕና፣ ለዱራሜ፣ ለሾኔ፣ ለአንጋጫ ምን እንደሚጠቅም የማምንበትን እናገራለሁ። በመጀመሪያ ደጃችን ላይ ስላሉት የጢያ ድንጋዮች እናያለን። ቀጥሎ ሂንዱ፣ ጃይንና ቡድሃዊ እምነቶች ጎን ለጎን ወደኖሩባት ወደ ህንድ እወስዳችኋለሁ። ከዚያ ወደ ራሳችን የለቅሶ ድንኳን እንመለሳለን፤ መጨረሻ ላይ በሰው አገር ስለቀሩት ልጆቻችን እናነሣለን። የምጠራቸው ዘመናት ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር መሆናቸውን ከወዲሁ ልብ በሉልኝ።

ከአዲስ አበባ ተነሥቶ በቡታጅራ በኩል ወደ ሆሳዕና የመጣ መንገደኛ ሁሉ በጢያ አልፏል። አብዛኞቻችን በአውቶቡስ መስኮት እንኳ ዞር ብለን አላየነውም። በዚያ መስክ ላይ 36 የቆሙ ድንጋዮች አሉ፤ 32ቱ ቅርጽ የተቀረጸባቸው ናቸው። ዩኔስኮ በ1980 በዓለም ቅርስነት መዝግቧቸዋል። የፈረንሳይ አርኪዮሎጂስቶች ከሥራቸው ሲቆፍሩ እጅና እግራቸው ታጥፎ የተቀበሩ ሰዎች አጽም አገኙ፤ ከሟቾቹ ብዙዎቹ ገና በወጣትነት ዕድሜ የተቀጩ ነበሩ። ዘመኑም በ12ኛውና በ14ኛው መቶ ዓመት መካከል እንደሆነ ተገምቷል።

ድንጋዮቹ ላይ በብዛት የሚታየው ጎራዴ ነው። በአንዱ ላይ ጥቂት ጎራዴዎች፣ በሌላው ላይ ብዙ ጎራዴዎች በረድፍ ተደርድረዋል። ክብ ቅርጾችም አሉ፤ አንዳንድ ተመራማሪዎች እንሰትን ያስታውሳል ያሉት ቅርንጫፍ መሳይ ምልክትም አለ። በጥቂቶቹ ላይ ጡት ተቀርጿል፤ የሴት መቃብር ምልክት ሳይሆን አይቀርም። ከሁሉ በላይ እኔን የሚያስገርመኝ ግን የሌለው ነገር ነው። የሟቹ ፊት የለም፤ ስሙም አልተጻፈም። ያ ማኅበረሰብ ከሟቹ ሊያስቀር የፈለገው መልኩን ሳይሆን ሥራውንና ማዕረጉን ይመስላል።

ስም ያልተጻፈበት ሐውልት ምን እንደሚደርስበት ደግሞ ጢያ ራሱ ያሳየናል። የአካባቢው ሰው ድንጋዮቹን «የግራኝ ድንጋይ» ይላቸዋል፤ ግራኝ የሚባሉት ኢማም አሕመድ ተከሏቸው ይባላል። ኢማም አሕመድ ግን የሞቱት በ1543 ነው፤ ድንጋዮቹ ከእርሳቸው በፊት መቶ ዓመትና ከዚያም በላይ ቆመው ነበር። ሕዝቡ ዋሽቶ አይደለም። ይህን ያህል ድካም የፈሰሰበት ድንጋይ ባለቤት አልባ ሆኖ መቅረቱን ስላልወደደ የሚያውቀውን ትልቅ ስም ሰጠው። እዚያ የተቀበሩት ወጣቶች ግን ማን እንደነበሩ ከእንግዲህ የሚነግረን የለም።

ወደ ደቡብ ራቅ ብለን ጌዴኦ ስንደርስ ነገሩ ይለወጣል። ቱቱ ፈላ በሚባለው ቦታ የቆሙት ድንጋዮች የሰው ፊት አላቸው። በአሸናፊ ዜና የሚመራ የተመራማሪዎች ቡድን በ2021 ባወጣው ጥናት፣ ሳካሮ ሶዶ በተባለው የጌዴኦ ሥፍራ ድንጋይ የማቆም ልማድ እስከ አንደኛው መቶ ዓመት ድረስ ወደ ኋላ እንደሚሄድ አመልክቷል። የጌዴኦ ባህላዊ መልክዓ ምድርም በ2023 የዓለም ቅርስ ሆኗል። እንግዲህ ለሙት ድንጋይ ማቆም በዚህ በደቡቡ አገራችን እንግዳ ነገር አይደለም፤ ዛሬ እጃችን ላይ ካሉት ሃይማኖቶች ብዙዎቹ እዚህ ሳይደርሱ የነበረ ነው።

አሁን ወደ ሁለተኛው ክፍል ልለፍ። ህንድን የመረጥሁት ሩቅና እንግዳ ስለሆነች አይደለም። በዚያ አገር ሦስት እምነቶች ለብዙ መቶ ዓመታት በአንድ መንደርና በአንድ ገበያ ኖረዋል፤ ሐሳባቸውንም በድንጋይ ላይ ትተዋል። ሃይማኖት ሲለያይ በሙታን መታሰቢያ ላይ ምን እንደሚለወጥና ምን እንደማይለወጥ እዚያ በግልጽ ይነበባል። ፕሮቴስታንቱ፣ ኦርቶዶክሱ፣ ካቶሊኩና ሙስሊሙ በአንድ ዕድር ለሚቀባበርበት ለእኛ ሕዝብ ይህ የቅርብ ጉዳይ ነው።

ሂንዱ ሲሞት በአብዛኛው ሬሳው ይቃጠላል፤ አመዱ ወደ ወንዝ ይገባል፤ ከተቻለም ወደ ጋንጅስ። መቃብር የለም። ይህን የሰማ ሰው መቃብር ከሌለ ሐውልትም አይኖርም ብሎ ይገምታል። ነገር ግን በደቡብ ህንድ በካርናታካ ገጠሮች በየመንደሩ ዳር «የጀግና ድንጋይ» የሚባሉ ጠፍጣፋ ድንጋዮች ቆመዋል። ብዙዎቹ የቆሙት ለነገሥታት አይደለም። የመንደሩ ከብት ሲዘረፍ ለማስመለስ ወጥቶ ለወደቀ ተራ ሰው የቆሙ ብዙ ናቸው። ከብት ምን ማለት እንደሆነ ለሐዲያና ለከምባታ ሰው እኔ አላስረዳም።

የተለመደው የጀግና ድንጋይ ሦስት ክፍል አለው፤ የሚነበበው ከታች ወደ ላይ ነው። በታችኛው ክፍል ውጊያው አለ፤ ሰውየው ቀስቱን ገትሮ ወይም ጦሩን ሰብቆ ይታያል፤ አንዳንዴም ከብቶቹ ከጎኑ ተቀርጸዋል። በመካከለኛው ክፍል የሰማይ ቆነጃጅት ግራና ቀኝ ይዘውት ወደ ላይ ያወጡታል። በላይኛው ክፍል ጦር የለም፣ ጩኸት የለም፤ ሰውየው የሺቫ አምላክ ምልክት በሆነው በሊንጋው ፊት ተቀምጧል። ከአናቱ ላይ ፀሐይና ጨረቃ ይቀረጻሉ፤ እነርሱ እስካሉ ድረስ ስሙ ይኑር ለማለት ነው።

የሟቹ ቤተሰብ የጃይን እምነት ተከታይ ሲሆን ድንጋዩ ያው ድንጋይ ነው። ውጊያውም ዕርገቱም እንዳለ ይቆያል። የሚለወጠው የላይኛው ክፍል ነው፤ በሊንጋው ፋንታ ጂና የሚሉት የእምነቱ መምህር በተመስጦ ተቀምጦ ይታያል። ከዛሬው ንግግሬ አንድ ነገር ብቻ ይዛችሁ ትሄዱ እንደሆነ ይህን እንድትይዙልኝ እወዳለሁ። ሁለት ሃይማኖቶች ነፍስ ወዴት እንደምትሄድ አልተስማሙም፤ የወደቀው ሰው ድንጋይ እንደሚገባው ግን ተስማሙ። ጠራቢውም ለሁለቱም ጠርቧል።

ጃይኖች ከዚህ ሌላ የራሳቸው የሆነ መታሰቢያም አላቸው። ሽራቫናቤላጎላ በምትባለው ከተማ፣ ቻንድራጊሪ በተባለው ኮረብታ ላይ ከ600 ገደማ ጀምሮ የተጻፉ የድንጋይ ጽሑፎች አሉ። ከእነዚህ ብዙዎቹ በእርጅና ወይም በማይድን ሕመም የሕይወታቸው ፍጻሜ እንደደረሰ አውቀው፣ በመምህራቸው ፈቃድ ምግብን ቀስ በቀስ ትተው በጾም የሞቱ መነኮሳትን፣ መነኮሳይያትንና ምእመናንን ያስታውሳሉ። ታላቁ ንጉሥ ቻንድራጉፕታ ማውርያም መንግሥቱን ትቶ በዚያ ኮረብታ በዚሁ መንገድ እንደሞተ በትውፊት ይነገራል። ልማዱ ዛሬም አለ። በ2015 የራጃስታን ከፍተኛ ፍርድ ቤት ራስን እንደ ማጥፋት ቆጥሮ ሲያግደው የህንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በዚያው ወር ውሳኔውን አግዶታል። የእኔ እምነት ይህን ልማድ አይቀበለውም። ሆኖም ጦርና ጋሻ በተቀረጸበት አገር ለጾመኛ ሴት ድንጋይ ማቆም ትልቅ ነገር ነው። ማኅበረሰቡ ጀግና የሚለውን ሰው ለውጧል፤ ሐውልቱን ግን አልጣለም።

የቡድሃዊው ነገር ከሁሉ ይልቅ ልቤን የሚነካው ነው። ቡድሃ ሲሞት አመዱ ለስምንት ተከፍሎ በላዩ ላይ ስቱፓ የሚባል ጉልላት መሳይ ክምር እንደተሠራ ይነገራል። በመካከለኛው ህንድ ሳንቺ ላይ የሚገኘውን ታላቁን ስቱፓ ያስጀመረው በሦስተኛው መቶ ዓመት ቅድመ ልደተ ክርስቶስ የነገሠው አሾካ ነው። የድንጋይ በሮቹ ዘግይተው፣ በአንደኛው መቶ ዓመት ቅድመ ልደተ ክርስቶስ ገደማ ተጨመሩ። በሮቹ ከላይ እስከ ታች በሰው፣ በዝሆን፣ በዛፍ ተሞልተዋል። ቡድሃ ራሱ ግን በሰው መልክ የትም የለም። እርሱ ሊኖርበት በሚገባው ቦታ ባዶ ዙፋን፣ ዛፍ፣ መንኮራኩር ወይም የእግር አሻራ ተቀርጿል።

በምሥራቁ በር ላይ ቡድሃ ገና ልዑል ሳለ ቤተ መንግሥቱን በሌሊት ጥሎ የወጣበት ታሪክ አለ። ፈረሱ ከከተማይቱ በር ይወጣል፤ ከላዩ ጥላ ተዘርግቷል፤ ከጥላው በታች ግን የተቀመጠ የለም። ፈረሱ ደጋግሞ ተቀርጿል፤ እየራቀ ይሄዳል፤ በጥላው ሥር ያለው ቦታ ሁልጊዜ ባዶ ነው። በመጨረሻ ሁለት የእግር አሻራዎች ይታያሉ፤ ፈረሱም ያለ ጌታው ወደ ቤት ይመለሳል።

የአገራችንን የዱሮ ለቅሶ ያየ ወይም ከአያቶቹ የሰማ ሰው ይህን ፈረስ ያውቀዋል። ትልቅ ሰው ሲሞት ፈረሱ እንደ ተጫነ በለቅሶው ሜዳ ይመራ ነበር፤ ጋሻውና ጦሩ ይያዝ፣ ልብሱ ይታይ ነበር። አልቃሹ የሚያለቅሰው ወደ ሬሳው ሳይሆን ወደ ባዶው ኮርቻ ዞሮ ነው። የሳንቺ ጠራቢ እዚህ አልመጣም፤ የእኛም አያቶች ስለ ሳንቺ አልሰሙም። የሄደን ሰው በባዶ ቦታው ማሳየት ግን ለሁለቱም የታያቸው መንገድ ሆነ።

ሦስተኛው ክፍል ስለ ራሳችን ነው። በአገራችን ሃይማኖት ሲለወጥ የመቃብር ጥበብ ምን ሆነ? ታላቁ ምሳሌ አክሱም ነው። ከወደቀው 33 ሜትር ሐውልት ጀምሮ በ2005 ከሮም እስከተመለሰው 24 ሜትር ገደማ እስከሚሆነው ድረስ፣ ትልልቆቹ ሐውልቶች የነገሥታት የመቃብር ምልክት ናቸው። በር፣ መስኮትና ፎቅ ተቀርጾባቸዋል። በአራተኛው መቶ ዓመት ንጉሡ ክርስትናን ከተቀበለ በኋላ እንዲህ ያለ ሐውልት ማቆም ቀረ። ጥበቡ ግን አልሞተም። በሐውልቶቹ ላይ በድንጋይ የተመሰለው፣ ከግድግዳ ብቅ ብቅ የሚል የእንጨት ጫፍ በደብረ ዳሞ ቤተ ክርስቲያን ግንብ ላይ በእውነተኛ እንጨት ይገኛል። ለሙት ንጉሥ መቃብር የተቀረጸው ያ የቤት አሠራር በቤተ እግዚአብሔር ላይ ቆየ።

የሐዲያና የከምባታ ታሪክ በዚህ ረገድ ይበልጥ የተደራረበ ነው። የሐዲያ ሱልጣኔት እስላማዊ ነበር፤ ከዚያ የወጣችው ንግሥት እሌኒ ደግሞ የክርስቲያኑ ንጉሥ የዘርዐ ያዕቆብ ሚስት ሆና በቤተ መንግሥት ለረጅም ዘመን የተሰማች ሴት ናት። የእስልምና አሻራ ያለበት ፋንዳኖ የሚባለው የሐዲያ ነባር እምነት እስከ ቅርብ ዘመን ድረስ ብዙ ተከታይ ነበረው። በ19ኛው መቶ ዓመት መጨረሻ ከምኒልክ መንግሥት ጋር ኦርቶዶክስ ተዋሕዶ ተስፋፋ። በ1928 የሱዳን ኢንቲሪየር ሚሽን ሚስዮናውያን ወደዚህ አካባቢ ደረሱ፤ በጣልያን ወረራ ጊዜ ተባረሩ፤ እነርሱ ሳይኖሩ ግን አገሬው ራሱ ወንጌሉን አስፋፋ።

አዲሱ እምነት የዱሮውን ለቅሶ አልወደደውም። ፊት መቧጨሩን፣ ደረት መምታቱን፣ የገዳይ ፉከራውን ከለከለ። ስለ ፊት መቧጨሩ መልካም አደረገ፤ እናቶቻችን በሐዘን ላይ ቁስል ሊጨምሩ አይገባም ነበር። ሙሾው በነበረበት ቦታ መዝሙር ገባ። የሟቹን ሥራ የመቁጠሩ ነገር ግን በሌላ በር ተመልሶ መጣ፤ የመጣውም በቀብር ላይ በሚነበበው የሕይወት ታሪክ ነው።

ሁላችሁም ታውቁታላችሁ። ሌሊቱን አንድ እጁ የተፍታታ የሟቹ ዘመድ፣ ብዙ ጊዜ መምህር የሆነው፣ ከደብተር ላይ ሉክ ገንጥሎ ይቀመጣል። ሟቹ ከማንና ከማን እንደተወለዱ፣ በየትኛው ቀበሌ እንዳደጉ፣ ምን እንደተማሩ ይጽፋል። አሮጊቶች ከወዲያ ማዶ ያርሙታል፤ «የመጀመሪያ ልጃቸውን ረሳህ፣ ያ በሕፃንነቱ የሞተውን» ይሉታል። ትምህርት ቤቱ ሲሠራ መሬት የሰጡት እርሳቸው እንደሆኑ፣ ሁለት ጎሳ ያስታረቁት እርሳቸው እንደሆኑ ይገባል። በማግስቱ ሕዝቡ ቆሞ ያዳምጣል። እኔ ይህን ጽሑፍ ሰምቼ በመጣሁ ቁጥር በረድፍ የተደረደሩት የጢያ ጎራዴዎች ትዝ ይሉኛል። ይኸም የሟቹን ሥራ አንድ በአንድ መደርደር ነው።

ልዩነቱ የጢያው ድንጋይ ሰባትና ስምንት መቶ ዓመት መቆየቱ ነው። ሉኩ ከቀብር መልስ በአንባቢው ኪስ ታጥፎ ይገባል፤ ከዚያ በኋላ የት እንደሚደርስ የሚጠይቅ የለም። በአንድ ትውልድ ውስጥ የዚህን አገር ማኅበራዊ ታሪክ የያዘ ቤተ መጻሕፍት የሚያህል ጽሑፍ በቀብር ላይ አንብበን ጥለናል። ዕድሮች የአስቤዛና የመዋጮ መዝገብ እንደሚይዙ ሁሉ እነዚህንም ቢያስቀምጡ ወጪው አንድ ሳጥን ነው።

የተጣለ ብቻ ሳይሆን የተሰረቀም አለ። ኮንሶዎች ዋካ የሚሉትን የእንጨት ምስል ለሞተ ጀግና ይቀርጻሉ፤ እርሱን በመካከል፣ ሚስቶቹን ከጎኑ፣ የገደላቸውን ጠላቶችና አውሬዎች አብረው ያቆማሉ። የኮንሶ ባህላዊ መልክዓ ምድር በ2011 የዓለም ቅርስ ሆኗል። ነገር ግን ብዙ ዋካ በሌሊት እየተነቀለ ለነጋዴ ተሸጧል፤ የተመለሱት በካራት ከተማ በኮንሶ ሙዚየም ተቀምጠዋል። አንድ ቤተሰብ ለአባቱ ያቆመው ምስል የማያውቀው ሰው ሳሎን ጌጥ ሆኖ ይገኛል። የሕግ ቋንቋ ይህን የቅርስ ዝርፊያ ይለዋል፤ ለቤተሰቡ ግን ከመቃብር ዝርፊያ አይለይም።

አሁን ወደ መጨረሻው ክፍል እመጣለሁ፤ እስካሁን ያልኩት ሁሉ የመጣው ለዚህ ነው።

ከዚህ ከተማና በዙሪያዋ ካሉት ወረዳዎች ወጣቶች በኬንያ፣ በታንዛኒያ፣ በማላዊ፣ በሞዛምቢክ አድርገው ወደ ደቡብ አፍሪካ ሲሄዱ ብዙ ዓመት ሆኗል። የደረሱት ቤት ሠርተዋል፣ ወንድምና እኅት አስተምረዋል፤ የዚህች ከተማ ብዙ ፎቅ ከዚያ በመጣ ገንዘብ የቆመ ነው። ያልደረሱም አሉ። በመጋቢት 2020 ሞዛምቢክ ውስጥ ቴቴ ላይ በታሸገ የጭነት ኮንቴይነር ውስጥ 64 ኢትዮጵያውያን ታፍነው ሞተው ተገኙ። በጥቅምት 2022 በማላዊ ምዚምባ ጫካ ውስጥ የጅምላ መቃብር ተገኘ። በዚያው ዓመት በታኅሣሥ ዛምቢያ ሉሳካ ዳር መንገድ ላይ የተጣሉ 27 ሬሳዎች ተገኙ። በማላዊም በዛምቢያም የተገኙት ኢትዮጵያውያን ስደተኞች እንደነበሩ ታምኗል። በደቡብ አፍሪካ ሱቅ ውስጥ በጥይት የወደቁት ደግሞ ሌላ ናቸው።

መርዶው ሲመጣ የሚሆነውን ታውቃላችሁ። ስልኩ የሚደወለው ለአጎት እንጂ ለእናት አይደለም። ሽማግሌዎች ሌሊት ይሰበሰባሉ፤ ሳይነጋ ቤቱን ያንኳኳሉ። ድንኳን ይጣላል፤ ሬሳ ግን የለም። ሬሳው በሚኖርበት ቦታ ትልቅ ባነር ይሰቀላል። ፎቶው የሚገኘው ከፌስቡክ ነው፤ ልጁ ጥቁር መነጽር አድርጎ፣ አዲስ ጃኬት ለብሶ፣ በሱቁ መደርደሪያ ፊት ቆሞ ይስቃል። ለወንድሞቹ እንደተሳካለት ለማሳየት የተነሣው ፎቶ የለቅሶው ምስል ይሆናል። እናቱ የምታለቅሰው ወደዚያ ሣቅ እያየች ነው።

ከሳምንት በኋላ ድንኳኑ ይፈርሳል፤ ባነሩ ተጠቅልሎ ከአልጋ ሥር ይገባል። እናቲቱ ለልጇ የምትሄድበት መቃብር የላትም። ሬሳው የመጣለት ቤተሰብ ዕድለኛ ነው፤ ለማስመጣት የሚወጣው ገንዘብ ከባድ ቢሆንም። መሞቱ እንኳ በወጉ ያልተረጋገጠለት ቤተሰብ ግን አለ፤ እርሙን አላወጣም፤ ስልኩ በጮኸ ቁጥር ይደነግጣል።

ለዚህ ነው የካርናታካን ድንጋይ ያነሣሁት። ሬሳቸው ተቃጥሎ አመዱ በወንዝ ለሄደ ሰዎች ድንጋይ ቆመላቸው፤ ሐውልት ለመቆም ሬሳ አልጠየቀም። በዚህ ከተማ፣ ቀጥሎም በዱራሜና በሌሎቹ ከተሞች፣ በስደት መንገድ ላይና በሰው አገር ለሞቱት የመታሰቢያ ድንጋይ እንዲቆም እጠይቃለሁ። የሟቾቹ ስም፣ የተወለዱበት ቀበሌ፣ የሞቱበት አገርና ዓመት ይጻፍበት። ሴቶቹም ይጻፉ፤ በአረብ አገር ቤት ሠራተኛነት ሄደው የቀሩ እኅቶቻችን ከወንዶቹ እኩል ቦታ ይገባቸዋል። የሚቻል ከሆነ ፎቶም ይኑር፤ በአዲስ አበባ በ2010 የተከፈተውን የቀይ ሽብር ሰማዕታት መታሰቢያ ሙዚየም የጎበኘ ሰው በግድግዳው ላይ የተደረደሩት የወጣቶች ፊቶች ምን ያህል እንደሚናገሩ ያውቃል።

ሁለት ተቃውሞ እንደሚመጣ አውቃለሁ፤ ሁለቱም ክብደት አላቸው። አንደኛው ከቤተ እምነቶች ነው፤ ድንጋይ ማቆም ወደ ሙታን አምልኮ ይመልሰናል የሚል። ሥጋቱን አከብራለሁ። ስም መጻፍ ግን ጸሎት አይደለም፤ በየመቃብራችን ሲሚንቶ ላይ ስምና ዓመት እየጻፍን ኖረናል። የጀግናው ድንጋይ የላይኛው ክፍል እንደ ቤተሰቡ እምነት እንደተቀረጸ ሁሉ፣ እዚህም ከስሙ አጠገብ መስቀል ወይም ጨረቃ ቤተሰቡ ይምረጥ፤ ያልፈለገም ባዶውን ይተው።

ሁለተኛው ተቃውሞ ከእናቶች ነው። የልጇ ሞት ላልተረጋገጠላት እናት ስሙን በሟቾች ድንጋይ ላይ መጻፍ እርሷው ራሷ እንደ ቀበረችው ነው። ይህን እናት ማስገደድ ግፍ ነው። ስለዚህ ለጠፉት የተለየ ድንጋይ ይኑር፤ የሞት ዓመት የማይጻፍበት፣ የሄዱበት ዓመት ብቻ የሚጻፍበት። ከመካከላቸው አንዱ በሕይወት ቢመጣ ስሙን ራሱ መጥቶ ይፋቀው።

ድንጋዩ ከመጠረቡ በፊት ግን መዝገብ ያስፈልጋል፤ መዝገቡን ከዕድር የተሻለ የሚያዘጋጅ የለም። የየትኛው ቤት ልጅ የት እንደቀረ የዕድር ዳኞች ከማንም መሥሪያ ቤት በፊት ያውቃሉ። ቤተ ክርስቲያናትና መስጊዶች የየራሳቸውን ያክሉ፤ የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች ይጻፉት፤ ከተማ አስተዳደሩ ቦታ ይስጥ። ዛሬ እዚህ የተቀመጣችሁ የዕድር ዳኞች በሚቀጥለው ወርኃዊ ስብሰባችሁ አጀንዳ አድርጋችሁ ብትይዙት ሥራው ተጀመረ ማለት ነው። ስለ መዝገቡ አያያዝ፣ በተለይ የቤተሰብ ፈቃድ እንዴት እንደሚጠየቅ፣ ከእናንተ መስማት የምፈልገው ብዙ ነገር ስላለ የቀረውን ጊዜ ለጥያቄና ለአስተያየታችሁ እተዋለሁ።